የአባቴ ክላሽና የኔ አዲስ ጎማ

ከሸዋ ሮቢት ጀውሃ ባለው አስፋልት ላይ እንደኔ የሚነዳ ሹፌር አልተወለደም። እኔ ስለሆንኩ አይደለም እንዲህ የምለው። ሌላ ሰው ቢሆን እኔው ራሴ እመሰክርለት ነበር፣ ግን የለም። አሮጌ ኮሮላ አለችኝ፣ የግል፣ ኮድ ሁለት። ጣርማ በርን ስትወጣ አይሱዙዎቹ ያቃስታሉ፣ እሷ ታፏጫለች። ትምህርት ላይ ብዙ አልገፋሁም። ስድስተኛ ክፍልን ሁለት ጊዜ አየሁት፣ ሁለቴም አላማረኝም። አፌ ግን ማንም ፊት አይተኛም። ጉድ ያደረገኝም እሱ ነው።

አባቴ ክላሽ ነበረው። ሕጋዊ ነው። ፈቃዱን በላስቲክ ጠቅልሎ ከደረት ኪሱ አያወጣውም ነበር፣ ሌላ ሰው የልጁን ፎቶ እንደሚይዘው። የኔን ፎቶ ይዞ አያውቅም።

"ለምን የኔን አትይዝም?" ስለው፣

"አንተን ማን ይሰርቀኛል?" ይለኛል።

በኛ ገጠር ጠመንጃ ያለው ሰው ሲሞት ጠመንጃው ለቅሶ ይወጣል። ልጁ ወይ ወንድሙ አንግቶት ለቅሶው መሃል ይዞራል፣ አልቃሿ እሱን እያየች ሙሾ ታወርዳለች። ጠመንጃ የሌለው ሰው ችግር የለበትም፣ እንደ አቅሙ ይለቀስለታል። ጠመንጃ እያለው ካልወጣለት ግን ሁሉም የሚያስበው አንድ ነገር ነው፣ ልጁ በልቶታል።

እኔ ደግሞ ዕድሜ ልኬን ያቺን ክላሽ ስሸጣት ነው የኖርኩት። በአፌ ማለቴ ነው።

"አባዬ፣ ይቺን እንሽጥና ለኮሮላዋ አራት ጎማ እንግዛ። አንተ በሷ አንድ ሌባ ብታስፈራ ነው። እኔ በጎማው አገር ምድሩን አዞርሃለሁ።"

"መጀመሪያ አፍህን ሽጠው። እሱ ነው ደህና የሚያወጣው።"

ሰርግ ላይ እሸጣታለሁ፣ ጀውሃ ሥጋ ቤት ቁጭ ብለን እሸጣታለሁ። አንዴ የጥምቀት ማግስት ዘመድ በተሰበሰበበት ወንበር ላይ ወጥቼ ሐራጅ አወጣሁባት። "አንደኛ! ሁለተኛ! ጋሼ፣ እርሶ አይጨምሩም?" አልኩት አጎቴን፣ የአባቴን ታናሽ። ሰው በሳቅ ፈረሰ። እናቴ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ሳቀች። አባቴ ራሱ ሳቀ። አጎቴ ብቻ አልሳቀም። እሱ ጥርሱን የሚያሳየው ለጥርስ ሐኪም ነው።

አባቴ ሲታመም ለሕክምና ሸዋ ሮቢት እኔ ጋ መጣ። እናቴ ከብቱን ትታ መምጣት አልቻለችም። ክላሹን ግን ይዞት መጣ፣ "ወንድ የሌለበት ቤት ጠመንጃ ማስቀመጥ ሌባ መጥራት ነው" ብሎ። ሐኪሙ አይቶት ደብረ ብርሃን ውሰዱት አለ። ያኔ ጎማዬ እንደ መላጣ ራስ ልሙጥ ብሎ ነበር። በዛ ጎማ በሽተኛ ይዤ ጣርማ በርን አልወጣም ብዬ የዕቁብ ዳኛውን እግሩ ላይ ወድቄ ዕጣ አስለቀቅኩና አራቱንም አዲስ አስገጠምኩ። በማግስቱ ልንሄድ ነበር። አባቴ ማግስቱን አልጠበቀኝም።

አስከሬኑ ወደ ገጠራችን በአይሱዙ ተጫነ፣ የሰፈር ሰው ለቅሶ ብሎ አብሮ ተሳፈረ። ክላሹስ? መካኒኩ ጓደኛዬ መላ አመጣ።

"አንግተህ አይሱዙው ላይ ውጣ። ለቀስተኛ ማን ይፈትሻል?"

"ሰው እየተላቀሰ፣ እየተገፋፋ፣ መሃሉ ጠመንጃ? አብደሃል?"

"እሺ ከወንበር ሥር ሸጉጠው።"

እሱን ስሰማ ደሜ ፈላ። አባቴ ዕድሜውን ሙሉ ፈቃዱን በደረቱ ይዞ የኖረ ሰው ነው፣ ዛሬ በመጨረሻው ቀን ክላሹ እንደ ኮንትሮባንድ ከወንበር ሥር ይሂድለት? አይሆንም አልኩ። በራሴ መኪና፣ በሕጉ እወስደዋለሁ።

ካዝናውን አወለቅኩ። ሳብ አድርጌ አየሁ፣ የጎረሰ ጥይት የለም። አልበቃኝም፣ ደግሜ አየሁ። ክላሹን በአባቴ ጋቢ ጠቅልዬ ከኋላ ዕቃ መጫኛው ውስጥ አስተኛሁት። ካዝናውንና ጥይቱን ለብቻ በቦርሳ አድርጌ ከፊት ቆለፍኩበት። ፈቃዱን ደረት ኪሴ ከተትኩ። የሚያየኝ ጠፋ እንጂ ሹፌር ሁሉ መጥቶ መማር ነበረበት።

ኬላው ጋ አይሱዙው ቀድሞኝ አለፈ። ፖሊሶቹ ሬሳ መሆኑን ሲያዩ ኮፍያቸውን አነሱ። እኔ ስደርስ አንዱ ነጠላዬን ለሐዘን ማዘቅዘቄን አየና "እግዚአብሔር ያጽናህ፣ እለፍ" ብሎ እጁን አወናጨፈልኝ። እለፍ ተባልኩ እኮ! አህያም ብትሆን እለፍ ስትባል ታልፋለች። እኔ ቆምኩ። መስታወቱን ዝቅ አደረግኩና፣

"መሣሪያ ይዣለሁ" አልኩት። "ሕጋዊ ነው።"

ልጁ ደነገጠ፣ አለቃውን ጠራ። አለቃው በዕድሜ ጠና ያለ፣ ረጋ ያለ ሰው ነው። ከኋላ ከፈትኩለት፣ ጋቢውን ገለጥኩለት፣ ከፊት ቦርሳውን አሳየሁት።

"እንዲህ አድርጎ የያዘ ሰው ዛሬ ገና አየሁ" አለ።

ደረቴ በአንድ ክንድ ጨመረ። ፈቃዱን ሰጠሁት። ፎቶውን አየ፣ እኔን አየ።

"ባለፈቃዱ የታሉ?"

"አሁን በአይሱዙው አለፉ።"

"ደውልላቸውና ይመለሱ።"

"አይመለሱም። ተኝተው ነው የሄዱት።"

መጀመሪያ የቀለድኩበት መሰለው። ኋላ ገባው። ኮፍያውን አወለቀ።

"ነፍስ ይማር። ስማኝ ወንድሜ፣ አያያዝህ አንድ እንከን የለውም። ፈቃዱ ግን የእሳቸው ነው። እሳቸው ካረፉ ይሄም ወረቀት አበቃ፣ ለልጅ አይሠራም። መሣሪያው እኛ ጋ ይቆያል። ወራሽነትህን አስወስን፣ በስምህ አስፈቅድና መጥተህ ውሰደው።"

"ጋሼ፣ ዛሬን ብቻ! ለቅሶ ላይ አውጥቼው ማታ እዚሁ መልሼ አስረክባለሁ። ከፈለጉ ፖሊስ አብሮኝ ይሂድ።"

"ባታሳየኝ አላየሁም ነበር። አሳየኸኝ። አሁን አላየሁም ብል ውሸታም መሆኔ ነው።"

የሚሰደብ ሰው አጣሁ። ሰውየው ልክ ነው፣ እኔም ልክ ነኝ። ሁለታችንም ልክ ሆነን አባቴ ያለጠመንጃው ሄደ። ማኅተም ያለው ደረሰኝ ጽፎ ሰጠኝ፣ ክላሹን ከነጋቢው ተሸክሞ ገባ።

ከጀውሃ ወደ ውስጥ የምትገባውን የአፈር መንገድ ይዤ ስደርስ ለቅሶው ተጀምሯል። የአባቴ ልብስ ወጥቷል፣ ባዶ ዝናሩ ወጥቷል። አጎቴ የመኪናዬን ድምፅ ሰምቶ ከሰው መሃል ወጥቶ መጣ። እጁን ዘርግቶ ነው የመጣው፣ ሊቀበለኝ።

"የታለ?"

"ኬላ ላይ ቀረ ጋሼ።"

"ማን አገኘው?"

"እኔው አሳየኋቸው።"

"አንተው?"

"እኔው። ሕጉ..."

አልሰማኝም። መኪናዬን እያየ ነበር። ጎማዎቹን። ያ አዲስ ጎማ ላይ የሚኖረው የላስቲክ ፀጉር እንኳን ገና አልረገፈም።

"ጎማዋ አምሮባታል" አለኝ።

ከዚህ በላይ ምንም አላለም። ደረሰኙን አውጥቼ ሰጠሁት፣ ገልብጦ አየውና መለሰልኝ። "ወረቀት ለቅሶ አይወጣም" አለ። እሱ ሄዶ ከመሃል ሲቆም ሰው በጆሮ በጆሮ ተቀባበለው፣ እኔ እዛ እስክደርስ ወሬው ቀድሞኝ ደርሶ ተቀምጦ ነበር። አልቃሿም ሰምታለች መሰለኝ ዝናሩን እያየች አወረደችው፣

"ሲተኛ ትራሱ፣ ሲሄድ ምርኩዙ፣
ጌታው መጣ እንጂ የታለ ጓዙ?"

ሰው ሁሉ "ወይኔ!" አለ። ለአባቴ ነው ያለቀሱት፣ ያዩት ግን እኔን ነው። እናቴም አየችኝ። እንደ ሌሎቹ በጥላቻ ብታየኝ ይሻለኝ ነበር። እሷ ያየችኝ ልጅ ሆኜ ስኳር ሰርቄ ስትይዘኝ በምታየኝ ዓይን ነው።

ከታች ከቆላው ለቅሶ የመጡ የአባቴ ወዳጅ ነበሩ፣ አዛውንት ሙስሊም፣ ከአባቴ ጋር ከብት ሲገበያዩ የኖሩ። ሰው ሁሉ ሲሸሸኝ እሳቸው አጠገቤ መጥተው ተቀመጡ።

"አብሽር ልጄ። እኔ አምንሃለሁ።"

"ይንገሩልኝ እንግዲህ አባባ! እርሶ ቢናገሩ ይሰማሉ።"

"ወላሂ ብናገርም አይሰሙኝ። ሐራጁን እነሱም ሰምተውታል፣ እኔም ሰምቼዋለሁ። ያኔ ስቀናል፣ ኢንሻ አላህ አንድ ቀን እውነቱ ይወጣልሃል።"

እውነታቸውን ነው። ሌላ ማንም ልጅ "ፖሊስ ያዘብኝ" ቢል ይታመናል። እኔ ግን ክላሹን ለጎማ እሸጣለሁ ብዬ ስንት ዓመት አወጅኩ፣ ከዛ ክላሹ ጠፍቶ ጎማው መጣ። እኔም ብሆን ራሴን አላምነውም።

ከዛ በኋላ ጀውሃ ላይ ለመኪናዬ ስም አወጡላት። "ክላሿ" አሏት። መናኸሪያ ጋ ስቆም ወያላው ሁሉ ይጮሃል። "ክላሿ መጣች! ዘወር በሉ!" "ዛሬ ስንት ጎረሰች?" አብሬ እስቃለሁ። ቀልደኛ ሰው ሲቀለድበት ካልሳቀ ያኔ ነው ያለቀለት። ሥጋ ቤቱ ውስጥ የጠጣ ሁሉ ትከሻዬን እየመታ "ፍሬን ሸራውን ደግሞ በዝናሩ ቀይረው" ይለኛል። እስቃለሁ። ቤቴ ስገባ ጉንጬን ያመኛል።

ወራሽነቱን ለማስወሰን ፍርድ ቤት ተመላለስኩ፣ የሸዋ ሮቢት ጎረቤቶቼን ምስክር አቆምኩ። ከዛ ቀበሌ፣ ከዛ ወረዳ። ወንጀል የለበትም የሚል ወረቀት፣ ጤነኛ ነው የሚል ወረቀት። አንዱ ጋ ስሄድ ሌላው ጋ ሂድ እባላለሁ፣ ለስድስተኛ ክፍል እንዲህ ብለፋ ዛሬ ዳኛ ነበርኩ። ሰው "ለአንድ ክላሽ ይሄ ሁሉ?" ይለኛል። ለክላሽ መሰላቸው። እኔ የምፈልገው አንድ ነገር ነው፣ ይዤው ግቢያችን ገብቼ እናቴ ፊት "ይኸው" ማለት።

ሙት ዓመቱ ሲደርስ ፈቃዱ በስሜ ወጣ። ክላሹ ከነጋቢው ተሰጠኝ። አሁንም ካዝናውን ለብቻ፣ ጥይቱን ለብቻ፣ ሳብ አድርጌ አይቼ፣ ከኋላ አስተኝቼ ነዳሁ። ኬላው ላይ አሁንም ራሴ ቆምኩ፣ ራሴ አሳየሁ። ፎቶው ላይ ያለሁት እኔ ነኛ! እስከ ጀውሃ ድረስ እያንጎራጎርኩ ነው የሄድኩት። አጎቴ ምን እንደሚል፣ እኔ ምን እንደምመልስለት ሁሉንም መንገድ ላይ ተለማምጄዋለሁ።

ግቢው በሰው ሞልቷል። ጋቢውን ገልጬ ክላሹን በሁለት እጄ ይዤ ገባሁ። አጎቴ ተነሥቶ ተቀበለኝ፣ አገላበጠው፣ ሰደፉ ላይ አባቴ የጠረበውን መስቀል በአውራ ጣቱ ዳሰሰ።

"እራሷ ናት" አለ።

"አልነገርኳችሁም?" አልኩ ድምፄን ለሁሉም አድርጌ። "አልነገርኳችሁም!"

አጎቴ አቀፈኝ። በሕይወቱ አቅፎኝ አያውቅም። ዓይኑ እንባ አቅርሯል።

"ወንድ ነህ" አለኝ። "የሸጠ ሁሉ መልሶ አይገዛም። ወንድ ነህ።"

"ጋሼ፣ አልሸጥኩትም እኮ! ፖሊስ ጣቢያ ነበር፣ ይኸው ፈቃዱ፣ በስሜ..."

"ይሁን ይሁን፣ ፖሊስ ጣቢያ ይሁን። በስምህም ካዞርከው እሰየው። በስንት መለሱልህ?"

ሰዉ "እግዜር ይስጥህ" "አባትህን አስከበርከው" እያለ ዙሪያዬን ሞላ። ዓመት ሙሉ የሸሸኝ ሰው ሁሉ ሳመኝ። ስጮህ እየሳሙኝ ነው፣ ስምል እየሳሙኝ ነው። ወደ እናቴ ሮጥኩ። እሷ ብቻ ትመነኝ፣ ሌላው ይቅር።

እናቴ ጓዳ ገብታ ሳጥን ከፍታ ነበር። ከውስጡ ወርቃማ ዘርፍ ያላት የቤተ ክርስቲያን ጃንጥላ አወጣች።

"ተስዬ ነበር" አለችኝ። "ልጄን ወደ ልቡ መልስልኝ፣ ያባቱን ዕቃ ያስመልስልኝ ብዬ ለሚካኤል ተስዬ ነበር። ከገዛኋት ቆየሁ። ሰው ሁሉ አይመልስም ሲል እኔ እንደምትመልሰው አውቅ ነበር።"

"እማዬ..."

"ዝም በል። ይቅር ብዬሃለሁ። አባትህም ይቅር ብሎሃል።"

ፊቷ እንዲህ በርቶ አይቼው አላውቅም፣ አባቴ በሕይወት እያለም። ከላም ወተት እየቆጠበች የገዛቻት ጃንጥላ ናት። ያን የማይተኛ አፌን ዝቅ አድርጌ ጉልበቷን ሳምኩ።

ቤተ ክርስቲያን በኮሮላዬ ወሰድኳት፣ ጃንጥላዋን ጭኗ ላይ አቅፋ። ቄሱ ጃንጥላዋን ዘርግተው አነሷት። "የጠፋው ልጃቸው ስለተመለሰ፣ የሸጠውን ያባቱን ንብረት ስላስመለሰ፣ ስለታቸው ሰምሯል!" አሉ። ሴቶቹ እልል አሉ፣ ወንዶቹ አጨበጨቡ። እናቴ ክንዴን ይዛ ወደፊት ገፋ አደረገችኝ፣ ሰው እንዲያየኝ።