ጅራቷ መቀስ የሆነች ጭላት

ባለፈው ቅዳሜ ከልኳንዳ ቤት ወጥቼ አስፋልቱን ስሻገር አንዲት ጭላት ከኋላዬ መጥታ ግማሽ ኪሎ ሥጋዬን ከነፌስታሉ ነጥቃኝ ሄደች። አንድ የባጃጅ ሾፌር እየሳቀ፣ «ንስር ወሰደብዎት፣ እማማ» አለኝ።

«ንስር አይደለችም፣ ጭላት ናት። ጅራቷን አታይም?» አልኩት።

ምሳዬ በሰማይ እየሄደ እኔ ስለ ጅራት እከራከራለሁ። ምን ላድርግ፣ በጭላት ጅራት የተነሳ አንድ ጊዜ ብዙ ነገር አምልጦኛል።

በደርግ ጊዜ፣ አዳማን ሁላችንም ናዝሬት በምንልበት ዘመን፣ የአሥራ አንደኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። እግሬን ይበላኝ ነበር። ወንዶቹ በየጊዜው ወደ ጦር ግንባር እየተጫኑ ይሄዳሉ፤ የድሬዳዋው ባቡር እየጮኸ ያልፋል፤ የአሰላው አውቶቡስ ጣሪያው ላይ ጆንያ ቆልሎ ይወጣል። እኔ ብቻ በዚያ አቧራ በሚያነሳ ነፋስ መሃል ተገትሬ የቀረሁ ይመስለኝ ነበር። ያለ ቀበሌ የይለፍ ወረቀት ከከተማ መውጣት አይቻልም፤ ለእኔ ቢጤ ልጃገረድ ደግሞ ማን ይለፍ ይጽፋል?

ያን ዓመት የባዮሎጂ አስተማሪያችን መምህር ታደለ በዕረፍት ሰሞን ከባለቤታቸው ጋር ወደ ዝዋይ ሐይቅ ወፍ ሊያጠኑ እንደሚሄዱ ነገሩን። «የናዝሬትን አዳኝ ወፎች በየወገናቸው መድቦ፣ በዓይኑ ያየውን ብቻ ጽፎ ያመጣልኝ አብሮኝ ይሄዳል። ይለፉን እኔ አስጽፋለሁ» አሉ። አንድ ሰው ብቻ እወስዳለሁ አላሉም። እኔ ግን እንደዚያ ሰማሁ፤ የቸኮለ ጆሮ የራሱን ነው የሚሰማው።

ተፎካካሪዬ ጓደኛዬ ጫልቱ ነበረች። ጫልቱ የአርሲዋ ደራ ልጅ ናት፤ ያደገችው የእናቷን ጫጩቶች ከጩሉሌ ስትጠብቅ ነው። ጭላትን በኦሮምኛ እንደዚያ ይሏታል።

ከትምህርት በኋላ በየቀኑ ቄራው አጠገብ ካለው ጉብታ ላይ እወጣለሁ። ጭላቶቹ ክንፋቸውን ሳያርገበግቡ፣ በጅራታቸው ብቻ እየቀዘፉ ይዞራሉ። መምህሩ ከኩየራ ሚሲዮን ትምህርት ቤት አግኝተው ያዋሱን የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ሁለት ጭላቶች አሉት፤ አንዷን ጥቁር፣ ሌላዋን ቀይ ይላቸዋል። እኔ የማያት ወፍ ደግሞ ምኗም ጥቁር አይደለም። እኛ ቤት እኔ ቀይ ነኝ፣ ወንድሜ ጠይም ነው፣ ጥቁር ቁራ ነው። ይህች ወፍ በእኛ ቤት ሚዛን ቀይ ዳማ ናት። ስለዚህ «ቀይ ጭላት፣ በብዛት የሚገኝ» ብዬ ጽፌ አስረከብኩ።

መምህር ታደለ አንብበው ሳቁ። «ልጄ፣ ቀይዋ ያለችው አውሮፓ ነው፣ እኛ ዘንድ አትደርስም። የእኛዎቹ የጥቁሯ ወገን ናቸው። ባለ ቢጫ መንቁሯ ነዋሪ፣ መንቁሯ የጠቆረው በብርድ ወራት ከሰሜን የምትመጣ እንግዳ። በላባ ቀለም አትታለዪ፣ ጅራቷን እዪ። የቀይዋ ጅራት እንደ መቀስ ነው።»

እዚያው ላይ ተሳስቻለሁ ብል ነገሩ ያልቅ ነበር። ግን ዝዋይ ከእጄ ስትወጣ ታየችኝ። «ጅራቷ እንደ መቀስ ነው፤ በዓይኔ አይቻለሁ» አልኩ። ውሸቱ ሲወጣ ትንሽ እንኳ አላደናቀፈኝም።

መምህሩ ሳቃቸውን ተዉ። እውነት ከሆነ ትልቅ ነገር ነው። በማግስቱ ጠዋት ሁለታችንንም ይዘው ጉብታው ላይ ወጡ። ጫልቱ ፓፓያ ቆርጣ ሰጠችን፤ እኔ ድርሻዬን በእጄ እንደያዝኩ ሰማይ ሰማዩን አያለሁ። ጥቂት ቆይቶ አንዲት ጭላት ነፋሱ ላይ ስትጠመዘዝ አየሁና «ያቻት» አልኩ።

ጫልቱ ቀና ብላ አየቻት። «ጅራቷን ስትሰበስበው ነው እንደዚያ የሚመስለው። ስትዘረጋው ጫፉ ቀጥ ይላል» አለች። ወፏም ያዘዟት ይመስል ጅራቷን ዘረጋች፤ ቀጥ አለ።

«ያን ዕለት መቀሱን አይተሻል?» አሉኝ መምህሩ፣ ቀስ ብለው።

«ያን ዕለት ያየኋት ሌላ ናት፣ ቲቸር።»

እጃቸውን ወደ ደረት ኪሳቸው ሰደድ አድርገው ባዶውን መለሱት። ከዚያ በኋላ የጭላት ነገር አላነሱብኝም።

ጫልቱ ዝዋይ ሄደች። በሳምንቱ ጫማዋ ጭቃ ለብሶ፣ ልብሷ ዓሣ ዓሣ እየሸተተ ተመለሰች። ቅናት አንገበገበኝ። ስለ ጉዞው አንዲት ጥያቄ አልጠየቅኋትም፤ እሷም አላወራችኝም። ኋላ እሷ ኑሮዋን እዚያው ዝዋይ መሠረተች፣ እኔ እዚሁ ባዮሎጂ ሳስተምር ኖሬ ጡረታ ወጣሁ። ባለ ቢጫ መንቁሯ የጥቁሯ ወገን ናት ወይስ ራሷን የቻለች ዝርያ በሚለው ሊቃውንቱ ዛሬም አልተስማሙም፤ ይህን ለተማሪዎቼ መንገር ደስ ይለኝ ነበር። የራሴን ነገር ግን ለማንም አልተናገርኩም።

ቅዳሜ ከሰዓት ለጫልቱ ደወልኩላት። ጩሉሌ ምሳዬን በላችብኝ ስላት ሳቀች።

«መንቁሯ ቢጫ ነው ጥቁር?»

«ቢጫ» ልል አፌን ከፍቼ ተውኩት። «አላየሁም» አልኳት። ቀጥዬም፣ «ያኔም አላየሁም ነበር፣ ጫልቱ።»

«አውቃለሁ። እሳቸውም ያውቁ ነበር። ይለፍ ያስጻፉት እኮ ለሁለታችንም ነው፤ ያንቺን ዝዋይ ድረስ በኪሳቸው ይዘውት ነበር።»

«እስከ ዛሬ ምነው ሳትነግሪኝ?»

«መቼ ጠየቅሽኝ?»

ስልኩን ዘጋሁ። ዕድሜዬን ሙሉ የተቆጨሁት ወረቀቱን አጣሁ ብዬ ነበር፤ ለካ ወረቀቱ ስሜን ይዞ ፊቴ ቆሞ ነበር። ከዚያ ወዲያ እግሬን እንደ ልጅነቴ ይበላኛል። ሰኞ በጠዋቱ አውቶቡስ ዝዋይ እሄዳለሁ። ዛሬ ይለፍ የሚጠይቀኝ የለም።