ከአጥቢያችን ታሪክ የተቆረጡት ሴት

የአጥቢያችንን ታሪክ እንድጽፍ የተመረጥኩት አገር ቤት ሳለሁ የአማርኛ መምህር ስለነበርኩ ነው። እዚህ ዳላስ ግን ዲኤፍደብሊው አውሮፕላን ማረፊያ የመንገደኞች ዊልቸር እገፋለሁ። ቤተክርስቲያናችን ጋርላንድ ዳር፣ ድሮ የምንጣፍ መሸጫ በነበረ አዳራሽ ውስጥ የምትሰበሰብ ትንሽ አጥቢያ ናት። የማን መኪና ቶው ተደርጎ፣ ተጎትቶ እንደተወሰደ፣ የማን ባል ሶፋ ላይ እንደሚያድር ሁሉም ያውቃል። ሰው ሲታመም ድስት ይዞ የሚሮጥ፣ ሰው ሲሳሳት ደግሞ ወሬውን ይዞ የሚሮጥ ሕዝብ ነው።

ለምሥረታ በዓሉ መጽሔት ሊታተም ነበር። የሽማግሌዎች ሰብሳቢ መነሻ እንዲሆነኝ አንድ ወረቀት ሰጠኝ። የመጀመሪያው መስመር ቤተክርስቲያኗ በእሱ ሳሎን በጸሎት እንደተጀመረች ይናገራል። ደግሜ አነበብኩት። ቤተክርስቲያኗ ስትጀመር ሰውየው ገና ዳላስን አልረገጠም ነበር።

አጥቢያችን የተጀመረችው እትዬ በምንላቸው ሴት አፓርታማ ውስጥ ነው። ሆቴል አልጋ ያነጥፉ ነበር። እሑድ እሑድ ሶፋቸውን ወደ በረንዳ አውጥተው እኛን መሬት ላይ ያስቀምጡናል። ጎረቤት በዝማሬው ሲያማርር በተሰባበረ እንግሊዝኛ የአፓርታማውን ማኔጀር የሚለምኑት እሳቸው ነበሩ። እኔ ዲቪ ደርሶኝ በመጣሁ ሰሞን አውቶቡስ ማቆሚያ ላይ በብርድ ስንቀጠቀጥ አይተው መኪናቸውን ያቆሙልኝም እሳቸው ናቸው። ያን ዕለት የሟች ባላቸውን ጃኬት አለበሱኝ።

እትዬ ከቤተክርስቲያኗ የወጡበትን ቀን አልረሳውም። ከመዘምራኑ አንዷ ሳታገባ አረገዘች። ሽማግሌዎቹ ጉባኤው ፊት አቆሟት። ሰብሳቢው ማይክ ሰጣትና፣ "ጮክ ብለሽ ተናዘዢ፤ ከኋላ ያሉት አይሰሙም" አላት። ፊት ወንበር ላይ አንዱ ማስቲካውን እያኘከ በስልኩ ይቀርጻታል። ልጅቷ ሁለት ቃል ሳትናገር አስመለሳት። ፊት የተቀመጡት ሴቶች ቀሚሳቸው እንዳይነካ ሰበሰቡ። ከወንበሩ የተነሳ ግን አልነበረም። እትዬ ብቻ ወጡ። የአንገት ልብሳቸውን ፈትተው አፏን ጠረጉላት፤ ከዚያ ተንበርክከው ወለሉን አጸዱ።

እሳቸው ገና ከወለሉ ሳይነሱ፣ ሰብሳቢው ልጅቷ ከኅብረት እንድትታገድ የሚስማማ እጁን እንዲያነሳ ጠየቀ። እጆች ተነሱ። እትዬ ልጅቷን አቅፈው በመካከላችን አልፈው ወጡ፤ ዳግመኛም አልተመለሱም።

የሰብሳቢውን ወረቀት በተቀበልኩ በሳምንቱ ሮውሌት ከተማ፣ እትዬ ከልጃቸው ጋር ወደሚኖሩበት ቤት ሄድኩ። እግራቸው አብጦ ወንበር ላይ ሰቅለውታል። የመጣሁበትን ነገርኳቸው።

"የዚያን ቀኑንም ትጽፈዋለህ?" አሉኝ።

"ከፈቀዱልኝ እጽፋለሁ።"

"አንተም እጅህን አንስተህ ነበር።"

አንገቴን ደፋሁ። "አዎ፣ እትዬ።"

"አይቼሃለሁ። ጃኬቱን ለብሰህ ነበር።"

በዚያ አዳራሽ የነበረውን ሰው ሁሉ ስጸየፍ ኖሬ፣ እሳቸው ፊት ግን የገዛ እጄ አንገፈገፈኝ። ይቅርታ ጠየቅኋቸው።

"አልተቀየምኩህም" አሉ። "ፈሪ መሆንህን ቀድሞም አውቅ ነበር። ግን የልጅቷን ስም እንዳትጽፍ። ሂዩስተን ሄዳ ነርስ ሆናለች፤ ትደውልልኛለች።"

ሁሉንም ጻፍኩት፤ የእኔን እጅ ጭምር። በወሩ ሰብሳቢው ኮል አደረገልኝ።

"ወንድሜ፣ ጽሑፉ በጣም ቆንጆ ነው። ሶ ትንሽ ኤዲት አድርገነዋል። ማለቴ፣ ደካሞች እንዳይሰናከሉ ብለን ነው።"

"ምኑን አወጣችሁ?"

"የሴትየዋን ክፍል።"

"ቤተክርስቲያኗን የጀመሯት እኮ እሳቸው ናቸው።"

"የጀመራትማ ጌታ ነው" አለና ሳቅ አለ። ስልኩን ከጆሮዬ አራቅኩት፤ ትንፋሹ የነካኝ መሰለኝ።

በበዓሉ ቀን መጽሔቱ በሚያብረቀርቅ ወረቀት ታትሞ በየወንበሩ ተቀምጧል። የእሱ ፎቶ ሙሉ ገጽ ይዟል፤ የሳሎኑ ተረት ከሥር፣ ስሜም ከተረቱ ሥር። ያን ቀን ቀሚሷን የሰበሰበች አንዲት እህት ክንዴን ይዛ፣ "ታሪካችን እንዴት ደስ ይላል፤ አስለቀስከኝ" አለችኝ። አፏ ዳር የወጥ ቅባት ነበር። ፈቀቅ አልኩ።

ሰብሳቢው የምስጋና ወረቀት ሊሰጠኝ ወደ መድረክ ጠራኝ። ማይኩን ተቀበልኩት።

"ይህ እኔ የጻፍኩት አይደለም" አልኩ። "ይህች ቤተክርስቲያን የተጀመረችው በእትዬ ቤት ነው። ያቺን ልጅ ስናባርር እጄን አንስቻለሁ። እናንተም አንስታችኋል። እሳቸው ግን…"

ማይኩ ተዘጋ። ኪቦርዱ መዝሙር ጀመረ፤ ሕዝቡም ተነስቶ አጨበጨበ። የተቆጣኝም የገሠጸኝም የለም። ሰብሳቢው ትከሻዬን መታ መታ አድርጎ፣ "ተባረክ" አለኝ። ስድብ በቀለለኝ ነበር። ወረቀቱን መድረኩ ላይ ትቼ ወጣሁ።

በዚያ ሳምንት ሦስት ሰዎች፣ "ማንም እንዳይሰማ" እያሉ ሙሉውን ጽሑፍ እንድልክላቸው ቴክስት አደረጉልኝ። ለሦስቱም ላክሁላቸው። ማንበባቸውን ስልኬ ያሳየኛል። እስከ ዛሬ አንዳቸውም አንዲት ቃል አልመለሱልኝም፤ እትዬንም ሄዶ የጠየቃቸው የለም።