የወሰደው ይንገረኝ

ትእዛዙ የደረሰን ከሰዓት በኋላ ነው። ጎህ ሳይቀድ ከምጽዋ ወዲያ ካለች አንዲት ደሴት ጀርባ እንድንደርስ፣ መሣሪያ ጭኖ የሚያልፈውን ሳንቡክ እንድንይዝ፣ ወሬውንም ለማንም እንዳናወጣ። ሳንቡክ የቀይ ባሕር ነጋዴዎች የእንጨት ጀልባ ነው። እኔ የጥበቃ ጀልባችን አዛዥ ነበርኩ፤ ጢሜ እንኳ በወጉ ያልበቀለ ሌተና። የቡታጅራ ልጅ ባሕር ላይ ምን ይሠራል ትሉ ይሆናል። እኔም ብዙ ጊዜ ራሴን ጠይቄያለሁ።

መትረየሱን የያዘው ሽኩር ነበር። እሱም የአገሬ ልጅ ነው፤ ከመስቃን። መንገዱን ሙሉ ስለ ዓሣ ሲያማርር ነበር።

«ሌተና፣ ይኼ ዓሣ አንገሸገሸኝ። ቆጮ ባለበት አገር ጠላት ጠፍቶ ነው እዚህ ድረስ ያመጡን?»

ዝም በል አልኩት። ሳቀ።

ጎህ ሲቀድ ሳንቡኩን አየነው። ተጠጋን። ቁሙ አልን። ከሸራው ሥር ተኮሱብን። ከመርከበኞቼ አንዱ፣ ግደይ፣ በመጀመሪያው ተኩስ ወደቀ። ተስፋዬ መሪውን እንደያዘ ተመታ። መሪ ያጣችው ጀልባ ባንድ ጎኗ ስትዘም፣ ሽኩር ከነዝናሩ ባሕር ውስጥ ገባ። እየዞርን ፈለግነው። ዝናሩ ከባድ ነው፤ አልወጣም። ሳንቡኩ አመለጠ። ግደይንና ተስፋዬን የደሴቲቱ አሸዋ ውስጥ ቀበርናቸው። ፀሐይ ገና ከፍ አላለችም ነበር።

ምጽዋ ስንመለስ የበላይ አለቃዬ ቆሞ ጠበቀኝ።

«ውጊያ አልነበረም» አለኝ። «ልምምድ ነው። ውጊያ ካልነበረ የሞተ የለም።»

«ሦስት ሰው ጎድሎብኛል» አልኩት።

«ጎድሎ ይሆናል። አልሞተም።»

ይህን ንግግር ባስታወስኩት ቁጥር ዛሬም ደሜ ይፈላል።

የግደይንና የተስፋዬን ቤተሰቦች በጓደኞቻቸው በኩል በዘዴ አስነገርኩ። የሽኩርን መርዶ ግን ለሌላ ሰው መስጠት አልሆነልኝም። ፈቃድ ወስጄ አገሬ ገባሁ። መርዶ በእኛ ዘንድ ማለዳ ነው የሚነገረው፤ ሰው ከቤቱ ሳይወጣ፣ ሽማግሌ ይዞ። ሁለት ሽማግሌ ይዤ ሄድኩ።

የሽኩር አባት ጋሽ ነስሩ ከቤታቸው ፊት ከተዘረጋው ጀፎረ፣ ሰርጉም ለቅሶውም ከሚከናወንበት ሰፊ የሣር ጎዳና ላይ ተቀበሉን። ገና ስንቀመጥ ነገሩ ገባቸው። ለመናገር አፌን ስከፍት እጃቸውን አነሱ።

«አንተ አልወሰድክብኝም» አሉኝ። «የወሰደው መንግሥት ነው። በገበያ ቀን፣ በሰው ፊት፣ እጄን ጨብጦ ልጄን በአደራ ተረከበኝ። የወሰደው መጥቶ ይንገረኝ። ያኔ አለቅሳለሁ።»

«አባቴ፣ እኔ እኮ እዚያው ነበርኩ፤ በዓይኔ ነው ያየሁት።»

«ማየት መንገር አይደለም። አደራ የተረከበ ነው የሚነግር።»

ሽማግሌዎቹ ለመኑ። የመስጊዱ ሼህ ተጠርተው መጡ፤ ሬሳ ባይኖርም ሶላት ይሰገድለታል አሉ። ጋሽ ነስሩ ወይ ፍንክች። እናቱ እማማ መሕቡባ በሩ ላይ ቆመው ሁሉን ሰምተዋል። መርዶ ሳይነገር ማልቀስ ነውር ነውና ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ወደ ጓዳ ተመለሱ። ጋሽ ነስሩን ሳይሆን እሳቸውን ሳይ ነው የተቃጠልኩት። ሴትዮዋ ልጃቸው እንደሞተ ያውቃሉ፤ ማልቀስ ግን አልተፈቀደላቸውም።

ስንወጣ ጋሽ ነስሩ ከኋላዬ «ወይ አንተው መንግሥት ሁን» አሉኝ። በምጸት ይሁን ከልባቸው እንጃ። እኔ ግን የምር አደረግኩት።

ከባሕር ኃይል ወጥቼ ለምክር ቤት እንደራሴነት ተወዳደርኩ። በዚያን ጊዜ ፊደል ለማያውቀው መራጭ ሲባል እያንዳንዱ ተወዳዳሪ የሥዕል ምልክት ነበረው። እኔ ጀልባ መረጥኩ። ባሕር አይቶ በማያውቅ ገበሬ ፊት ጀልባ ይዞ መቆም ቂልነት መሆኑን የነገረኝ የለም። ገበሬው የከብት መመገቢያ መሰለውና «ገንዳው» እያለ ይጠራኝ ጀመር። ገንዳው ተመረጠ። እንደማንኛውም ተመራጭ መንገድና ክሊኒክ ቃል ገብቼ ነበር፤ የእኔ ሐሳብ ግን መስቃን ነበር።

አሁንም ማለዳ ሽማግሌ ይዤ ሄድኩ። ጋሽ ነስሩ ብድግ ብለው ተቀበሉኝ።

«እንኳን ደስ ያለዎት፣ ክቡር» አሉኝ። እስከዚያ ቀን ድረስ አንተ ነበርኩ። «ልከውዎት ነው ወይስ በራስዎ ነው የመጡት?»

መዋሸት እችል ነበር።

«በራሴ ነው።»

«እንግዲያው ቆጮ ይብሉ» አሉና ወደ ጓዳ ተጣሩ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ሳወራ ትንፋሽ ያጥረኛል። የምለምነው አንድ ነገር ነበር፦ አንድ ሹም፣ የትኛውም ሹም ይሁን፣ ቡታጅራ ድረስ መጥቶ «ልጅህ ሞቷል» ይበል። ባሕር ኃይሉ የአገር ግዛት ሚኒስቴር ጉዳይ ነው አለኝ። አገር ግዛት የወልቂጤውን ሹም አነጋግር አለኝ። ከቡታጅራ ወልቂጤ ለመድረስ ወይ ተራራውን በበቅሎ ማቋረጥ፣ ወይ አዲስ አበባ ወጥቶ መዞር ነበር። በበቅሎ አቋረጥኩ። ሹሙ ስብሰባ ላይ ናቸው ተባልኩ። ዞሬ ሄድኩ። ታመዋል ተባልኩ። ሲያገግሙ ደግሞ ተዛወሩ። አዲሱ ሹም በትህትና አስቀምጠው ሰሙኝና «ክቡር እንደራሴ፣ ውጊያ ከሌለ ሟች ከየት ይመጣል?» አሉኝ። ምክር ቤት ውስጥ ተነሥቼ ልናገር ስል አፈ ጉባኤው ጉዳዩ ለሚቀጥለው ይደር አሉ። ሲያድር ከረመ። ከሳንቡኩ ላይ የተኮሰብኝን ሰው ይቅር ብያለሁ፤ እሱ ቢያንስ ዓላማውን አልሸሸገም።

ጋሽ ነስሩ ጋ ሄጄ ባዶ እጄን በተመለስኩ ቁጥር እማማ መሕቡባ ከጓዳ ብቅ እያሉ ፊቴን ያዩ ነበር። አይተው ይመለሳሉ።

ከዚያ ዘመኑ ተገለበጠ። ንጉሡ ወረዱ፣ ምክር ቤቱም ተዘጋ፤ እንደራሴነቴ ማብቃቱን ከሬዲዮ ሰማሁ። ቡታጅራ ገብቼ ቤቴ ተቀመጥኩ። አንድ ማለዳ በሬ ተንኳኳ። ጋሽ ነስሩ ናቸው፤ ከኋላቸው እማማ መሕቡባና እነዚያው ሁለት ሽማግሌዎች። በማለዳ ሽማግሌ ይዞ የሚመጣ ሰው ምን ሊናገር እንደሚመጣ አውቃለሁ። ገብተው ተቀመጡ።

«መንግሥትህ ሞቷል አሉ» አሉኝ ጋሽ ነስሩ። «አላህ ያጽናህ።»

አሜን አልኩ። ሌላ ምን ይባላል?

«አደራ የተረከበኝ ከሌለ እንግዲህ የምጠብቀው የለኝም። በል፣ አንተ ንገረኝ።»

«ሽኩር ሞቷል» አልኩ። «ባሕር ውስጥ ነው የቀረው።»

ጋሽ ነስሩ አንገታቸውን ደፍተው «ኢናሊላሂ» አሉ። እማማ መሕቡባ ግን አላለቀሱም። ወደ እኔ ዞሩ።

«ብቻውን ነበር?»

«አይደለም። ግደይ የሚባል የአክሱም ልጅ፣ ተስፋዬ የሚባል የደብረ ብርሃን ልጅም ሞተዋል።»

«እናቶቻቸው ሰምተዋል?»

«ሰምተዋል።»

ያን ጊዜ ነጠላቸውን ከአፋቸው ላይ አነሡ። ጩኸታቸው እስከ ገበያው ተሰማ። ከሰዓት በኋላ ጀፎረው በሰው ሞላ።

ያ ውጊያ ነበር ብሎ የነገረኝ መሥሪያ ቤት እስከ ዛሬ የለም። የሞቱብን ሦስት ናቸው። እማማ መሕቡባ በዚያ ለቅሶ ላይ ሽኩርን፣ ግደይንና ተስፋዬን እየደጋገሙ በየስማቸው ጠርተው አለቀሱ። ሙታናችንን የቆጠሩልን እሳቸው ብቻ ናቸው።