የመርሳ ኬላ ወፍራሞች

መርሳ ላይ ሴት የምትወፍረው ማክሰኞ ማክሰኞ ነበር። ሰኞ ለባቲ ገበያ ስትነሣ ክንዷ የሸንኮራ አገዳ ያህል የነበረች ሴት፣ በማግስቱ በደሴው አውቶቡስ ስትመለስ ዳሌዋ በር አያስገባትም፤ ሆዷም ከፊቷ ቀድሞ ይደርሳል። ረቡዕ ደግሞ ተመልሳ ሸንኮራ አገዳ ናት። በሰባ ሦስት ዓመተ ምሕረት ይህ ተአምር በየሳምንቱ ሲደረግ የሚገረም ሰው አልነበረም። የጤና ጣቢያው ድሬሰር እንኳ "ምን በልታችሁ ነው?" ብሎ ጠይቆ አያውቅም። ሚስቱም ከወፍራሞቹ አንዷ ነበረቻ።

ተአምሩ የሚያልፈው በአማከለች እጅ ነበር። አማከለች የኬላው ሴት ፈታሽ ናት። ከስድስት ዓመት በፊት አንድ ወንድ ፈታሽ የሰው ሚስት ወገብ ሲዳብስ ባልየው በሽመል ስላስተኛው፣ መንግሥት ሴት እንድትቀጠር አዘዘ። አማከለች ያን ጊዜ በአንድ ልብስ ሰፊ ደጃፍ ቁልፍ እየተከለች የምትኖር፣ ዕድሜዋ ሠላሳውን የተሻገረ ፈት ነበረች። ጨርቅን በጣቷ ታውቀዋለች። ዓይኗን ጨፍና ፖፕሊኑን ከቴትሮኑ፣ የጃፓኑን ቴትሮን ከተራው ትለያለች።

መጀመሪያ ላይ ሥራው የእውነት መስሏት ነበር። በአንድ ማክሰኞ ብቻ ሰባት ሴት አቀጠነች። ከሰባቱ ወገብ የተፈታው ጨርቅ ተከምሮ ጣሪያ ሊነካ ምንም አልቀረው። በሦስተኛው ሳምንት ያንኑ ጨርቅ ወልድያ፣ በነጋዴው በአቶ አለሙ ሱቅ ውስጥ ተሰቅሎ አገኘችው። ዓይኗን አላመነችምና ዳሰሰችው። እሱው ነው።

በዚያው ወር አባቷ ሞቱ። ዕድሩ ድንኳን ላከ፤ ሰው ግን አልላከም። የቀጠኑት ሴቶች ባሎች ሬሳ ለመሸከም ወገባቸውን አመማቸው። ከሰባቱ አንዷ ሀፍሳ ብቻ እንስራዋን አዝላ መጣች።

"ጨርቄን የወሰድሽው አንቺ ነሽ፤ አባትሽ ምን አደረጉኝ?" አለችና ሦስት ቀን ሙሉ ውሃ ቀዳችላት።

ከዚያ ወዲህ የአማከለች እጅ ከትከሻ በታች ወርዶ አያውቅም። መታ፣ መታ፣ "እለፊ!" ነው። ከተማው ደግሞ በሚያልፈው ጨርቅ አማረበት። ሴቶቹን እስከ ወልድያ ሱቃቸው የሚያሸክሙት ጋሽ አለሙ ለትምህርት ቤቱ ቆርቆሮ ሰጡ፤ ለቤተ ክርስቲያኑ ጥላ፣ ለመስጊዱ ምንጣፍ ሰጡ። የተጣሉ ባልና ሚስትን የሚያስታርቁት እሳቸው፣ ለቀበሌው ሊቀ መንበር ሙሽራ የሚመርጡት እሳቸው ሆኑ። የሽማግሌ ወግ ሳይቀር ተለወጠ። ድሮ "ልጅቱ ባለሙያ ናት" ይባል ነበር፤ አሁን "ስድስት ቀሚስ ደርባ አትሰናከልም" ሲባል የወንዱ አባት ጢሙን እያሻሸ ፈገግ ይላል።

ያን ማክሰኞ አውቶቡሱ ሳይደርስ የኬላው ኃላፊ አስር አለቃ ሙላቱ አማከለችን ወደ ግድግዳው ጥግ ጠራት።

"ከወልድያ ተቆጣጣሪ መጥቷል፤ ጓድ አንዳርጋቸው። ዛሬ አንድ ሰው መያዝ አለበት።"

"ማን?"

"ሀፍሳ።"

አማከለች ለምን ብላ አልጠየቀችም። ሀፍሳ ለጋሽ አለሙ መሸከም ትታ፣ ያለቻትን አንዲት ላም ሽጣ የራሷን ጨርቅ መግዛት ጀምራለች። ላሟ ዛሬ ወገቧ ላይ ተጠምጥማለች።

"ሌሎቹስ?"

"ሌሎቹማ የጋሽ አለሙ ናቸው" አለ አስር አለቃው፣ ዝናብ የሚመጣው ከሰማይ ነው እንደሚል ሰው።

"ባልይዛትስ?"

"ነገ ቁልፍሽን ትተክያለሻ! ከያዝሻት እሷ ደሴ ወህኒ፣ አንቺ ደመወዝሽ። ምኑ ይከብዳል?"

ጓድ አንዳርጋቸው ደብተሩን በብብቱ ይዞ መጣና አማከለችን ጨበጣት። "ጓዲት፣ የኢኮኖሚ አሻጥረኞችን የምናጋልጥበት ቀን ነው" አላት። የኮቱ እጅጌ ጣቷን ነካው። የጃፓን ቴትሮን ነው። በየካቲት ከወፍራሞቹ በአሮጊቷ በእማማ አስካለ ወገብ ያለፈው ጥቅል መሆን አለበት።

አውቶቡሱ ሲቆም አሥራ አንድ ወፍራም ሴቶች እየተንገዳገዱ ወረዱ። አስር አለቃው "ለወጉ ያህል ሁሉም ይግቡ" አለና የጭቃውን ክፍል የጆንያ መጋረጃ ገለጠ። አሥራ አንዱም ገቡ። ክፍሉ ሰው የሞላው አይመስልም፤ ፍራሽ የታጨቀበት መጋዘን ይመስላል።

"ሀፍሳ፣ ፍቺው" አለች አማከለች።

ሀፍሳ መቀነቷን በሁለት እጇ ጨመደደች። "አንቺም? ሱብሃነላህ! አንቺም አማከለች?"

"ፍቺው አልኩሽ!"

ሀፍሳ መቀነቷን ፈታች። ጨርቁ መጣ፣ መጣ፣ አያልቅም። ሰማያዊው አልቆ ቡናማው ቀጠለ፤ ከቡናማው ሥር ሽርጥ፣ ከሽርጡ ሥር ደግሞ ሌላ ሰማያዊ። ከዚያ ሁሉ ውስጥ በመጨረሻ በቀጭን ቀሚሷ ብቻ አንዲት ትንሽ ሴት ወጣች።

አማከለች ወደ አሥሩ ዞረች። "በሉ ተካፈሉት።"

"ምን?" አለች ዘነበች፣ ከወፍራሞቹ ሁሉ አፈኛዋ። "እኛ እኮ የጋሽ አለሙ ነን!"

"ለዚያ እኮ ነው! እናንተን እንዳልነካ ታዝዣለሁ። እናንተ ላይ ያለውን ጨርቅ በዚህ አገር የሚነካው የለም።"

"የሰው ዕቃ አንሸከምም ብንልስ?"

"አሥራችሁንም እፈትሻለሁ። ሕጉ ይፈቅድልኛል፤ ሳልሠራበት ቆይቼ ነው እንጂ። ተቆጣጣሪው ውጭ ቆሟል፤ ልጥራው?"

በዚህ መሐል ከማዕዘኑ ሳቅ ተሰማ። ስድሳ ዓመት ያለፋቸው እማማ አስካለ ነበሩ።

"ከእኔ ጀምሪ ልጄ" አሉ እጃቸውን ወደ ላይ ዘርግተው። "የእኔ ዳሌ እንደሆነ ከተማ አክሏል፤ አንድ ቀበሌ ቢጨመርበት ማን ያውቃል?"

"አንቱስ መቼ ጠፍቶዎት!" አለች አማከለችና መጠምጠም ጀመረች። ሴቶቹ እየተሳደቡም እየሳቁም አንዷ የሌላዋን መቀነት በጉልበቷ ረግጣ አጠበቀች።

መጋረጃው ሲገለጥ አሥር የድርቆሽ ክምር ተከታትሎ ወጣ። ከኋላቸው መርፌ የመሰለች ሀፍሳ ወጣች።

ጓድ አንዳርጋቸው ብዕሩን ከፈተ። "ጓዲት፣ ምን አገኘሽ?"

"አንዲት ቀጭን ሴት፣ ጓድ።"

ተቆጣጣሪው ሀፍሳን አያት። ከዚያ አሥሩን አያቸው። ከዚያ አስር አለቃውን አየው። አስር አለቃው አሳለው።

"እነዚህስ?" አለ ጓድ አንዳርጋቸው በቀስታ።

"እነሱ... ያው ወፍራም ናቸው" አለ አስር አለቃ ሙላቱ፤ ላቡ በግንባሩ እየወረደ።

ሁለቱም እውነቱ ገብቷቸዋል፤ ሁለቱም መናገር አይችሉም። አንዷን ፍቺ ያለ ሰው አሥሩንም ሊያስፈታ ነው፤ ከአሥሩ የሚፈታው ደግሞ የጋሽ አለሙ ነው። ሴቶቹ ተመልሰው መሳፈር ሲጀምሩ እማማ አስካለ አውቶቡሱ በር ላይ ተወተፉ። ረዳቱ ከውስጥ እጃቸውን ይዞ ጎተተ፤ ንቅንቅ አላሉም። ከኋላ የወታደር ካሚዮኖች ደርሰው ጡሩንባቸውን አንባረቁ።

"መንገድ ልቀቁ! ምን ይጎልታችኋል?" አለ ከካሚዮኑ አንድ መኮንን።

ጓድ አንዳርጋቸው ደብተሩን ጣለ። በሁለት እጁ፣ ከዚያም በትከሻው፣ እማማ አስካለን ገፋ። "በርታ ልጄ፣ በርታ!" ይሉታል እሳቸው። እንደ ቡሽ ጧ ብለው ገቡ።

ደብተሩን አንሥቶ ተመልሶ ሲመጣ የቴትሮን ኮቱ ብብቱ ሥር ተተርትሮ ነበር። "ከዚህ ሰዓት ጀምሮ ተሰናብተሻል!" አላት አማከለችን።

"ጥፋቴ ምን ተብሎ ይጻፋል?"

ብዕሩ ደብተሩ ላይ ብዙ ቆየ። በመጨረሻ "የንቃት ጉድለት" ብሎ ጻፈ። አማከለች ነጠላዋን ከምስማሩ አውርዳ አውቶቡሱ ላይ ወጣች፤ ከሀፍሳ ጎን ተቀመጠች። እስከ ወልድያ ሀፍሳ ዓይኗን ከአሥሩ ሴቶች ላይ አላነሣችም። ላሟ አሥር ቦታ ተቆራርጣ ፊቷ ተቀምጣለች፤ ይመልሱልኝ ይሆን?

ወልድያ መናኸሪያው ጀርባ የሀፍሳ አክስት ግቢ አለ። ሴቶቹ እዚያ ገብተው ፈቱ። እማማ አስካለ ቀድመው መለሱ፤ ሌሎቹም እያጉረመረሙ ተከተሉ። ዘነበች ግን አጥሩ ሥር ተቀምጣ ወገቧን አቀፈች።

"የእኔው ከማን እንደሆነ ጠፋኝ" አለች።

"ዘነበች፣ አላህን ፍሪ" አለች ሀፍሳ።

"እኔ የምፈራው ጋሽ አለሙን ነው። ሰጥቼሽ የሳቸው ሆኖ ቢገኝስ? መርሳ ውስጥ ማን ያኖረኛል?"

"እሳቸው ይለዩት እንዴ ታዲያ?" አሉ እማማ አስካለ። "ሰውየው ጨርቅ ሸጡ እንጂ መቼ ዳስሰው ያውቃሉ?"

ዘነበች አሰበችና ከወገቧ ሁለት ሰማያዊ ጥቅል ፈትታ መሬት ላይ ወረወረች። "ይኸው! አማከለች ትለይ። ስድስት ዓመት ሙሉ ሳትዳስስ ደመወዝ ስትበላ ኖራለች፤ ዛሬ ትሥራበት።"

አማከለች በርከክ ብላ ሁለቱንም ዳሰሰች። ጨለማም ቢሆን አትስታቸውም ነበር። የቀኙ ቀለል ይላል፤ ተራ ነው፤ የሀፍሳ ላም ነው። የግራው የጃፓን ነው፤ ዋጋው የሌላውን እጥፍ ነው።

የግራውን አነሣች።

"ይሄ የሀፍሳ ነው" አለች።

ዘነበች እፎይ ብላ ተራውን ጠቅልላ ወገቧ ላይ አሰረች፤ ወደ ጋሽ አለሙ ሱቅም ሄደች። ሀፍሳ የተሰጣትን በመዳፏ መዘነች፤ እንደገና መዘነች፤ ቀና ብላ አማከለችን አየቻት።

"አማከለች እህቴ፣ ይሄ ይከብዳል።"

"ያንቺ ነው አልኩሽ" አለች አማከለች። "አጣጥፊው።"