ከጎን የታየች እናት

ባለፈው ሳምንት ቤቴን የሚቀባው ሰውዬ የቀለም ማቅጠኛውን ጣሳ ከፍቶ ኮሪደሩ ላይ ሲያስቀምጥ፣ ያ አፍንጫ የሚሰነፍጥ ሽታ መጣና ከያዝኩት ሥራ አስነሳኝ። ሰውዬው በዕብራይስጥ መስኮት ልክፈት ወይ አለኝ። «ተወው፣ ይሽተተኝ» አልኩት። በአማርኛ መመለሴን ያወቅሁት ትከሻውን ነቅንቆ ወደ ሥራው ሲዞር ነው። አንቺ ስለ አጎቴ፣ ስለ ሰዓሊው፣ ንገሪኝ ብለሽ ከጻፍሽልኝ ወር አልፎታል፤ ከየት ልጀምር እያልኩ ሳመነታ ቆየሁ። እነሆ ሽታው ጀመረልኝ።

በፈረንጆቹ ሰማንያዎቹ አጋማሽ፣ ፔታህ ቲክቫ ከተማ በገባን በመጀመሪያው ዓመት፣ ክፋር አቭራሃም በሚባለው ሰፈር ሦስት ሆነን እንኖር ነበር፤ አባቴ፣ እኔና የእናቴ ታናሽ ወንድም። እናቴ ስንመጣ ሱዳን፣ ካምፑ ውስጥ ሞታ ቀርታለች። አባቴና አጎቴ ሰጉላ በሚባለው የፋብሪካዎች ሰፈር አንድ የቤት ዕቃ ፋብሪካ ይሠራሉ፤ አባቴ ይጠርጋል፣ አጎቴ ቫርኒሽ ይቀባል። ሲመሽ አጎቴ ከአውቶብስ የሚወርደው የተጣለ የኮምፖርሳቶ ቁራጭ በብብቱ ሸጉጦ፣ የቀለም ትራፊ በባዶ የእርጎ ኩባያ ይዞ ነው። ሳሎኑ ወለል ላይ ጋዜጣ ያነጥፋል፣ ጣውላውን ያጋድማል፣ ቁጢጥ ብሎ ይሥላል። እኔ አያ ነበር የምለው።

ሥዕል የተማረው ወጣት ሳለ ጎንደር ከተማ፣ ለቱሪስት የሚሥል አንድ ሰው ዘንድ ቀለም እየበጠበጠ ነው። ከእጁ የሚወጣው ግን የተማረው ሳይሆን የሚታየው ነበር። የሰጉላ ጭስ ማውጫዎች እሱ ጣውላ ላይ ነጭ ጥምጥም የጠመጠሙ ቄሶች ሆነው ተሰልፈው ይቆማሉ። የፈረቃ ሠራተኛ የሚያመላልሰው አውቶብስ ሰው የዋጠ ዓሣ ይሆናል፤ የእኛ ሰዎች በመስኮቱ አንገታቸውን አስግገው ያያሉ። ኢየሩሳሌምንም አገር ቤት ሳለ በሕልሙ እንዳያት አድርጎ፣ በወርቅ ግድግዳ ይሥላታል። አባቴ «አንተ፣ ሄደን አይተናት የለም እንዴ? ድንጋይ ናት እኮ!» ሲለው፣ «እኔ ያየኋት ያችን ነው፤ ይችኛዋ ገና እየተሠራች ነው» ይላል። አባቴም ወደ እኔ ዞሮ «ሰው ተኝቶ የሚያየውን አጎትሽ ቆሞ ያያል» ይለኛል። ይቀልድበታል እንጂ ይወደዋል፤ ሲሥል ሻይ የሚያፈላለት እሱ ነበር።

ያን ክረምት ዝናቡ ከሰፈሩ ጀርባ ያለውን የብርቱካን እርሻ ሲያርሰው፣ ሽታው እስከ መኝታዬ ይመጣ ነበር። አንድ ጠዋት እሱን እያሸተትኩ ተኝቼ የእናቴን ፊት ላስታውስ ብል አጣሁት። ድምጿ አለ። የቀሚሷ ጥለት አለ። ፊቷ የለም። ፎቶግራፍ የሚባል ነገር አልነበረንም። ደነገጥኩ፤ እናቴ ሁለተኛ የሞተች መሰለኝ። አጎቴ ከሥራ ሲገባ ጠብቄ ነገርኩት። ጃኬቱን እንኳ ሳያወልቅ «እሥልልሻለሁ፤ ለተዝካሯ ይደርሳል» አለኝ።

ፋብሪካው ተጭሯል ብሎ የጣለውን የቁም ሣጥን በር አመጣ። ከዚያ በኋላ ግን የሚጨርሰው አልሆነም። ይጀምራል፣ ያጠፋል፣ ይጀምራል። በሠራ ቁጥር ጣውላው ላይ የሚወጣው ከጎን የታየች ሴት ናት፤ አፍንጫዋ፣ ጉንጯ፣ አገጯ ሥር ያለው ንቅሳት፣ አንድ ዓይኗ። ቁርጥ እናቴ! እኔ ስደሰት እሱ ጨርቁን ማቅጠኛው ውስጥ ነክሮ ያብሳታል። ቤቱ በሙሉ በዚያ ሽታ ታጠነ።

ነገሩ እንዲህ ነው። እሱ በተማረው የጎንደር ሥርዓት ደግ ሰው የሚሣለው ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይኑ ነው። ከጎን፣ ባንድ ዓይን የሚሣለው ክፉ ነው፤ ሰይጣን፣ ከሓዲ፣ ነፍሰ ገዳይ።

በዚያ ሰሞን የሰፈሩ የባህል ማዕከል ውስጥ ሥዕል የምታስተምር አንዲት ሴት በረንዳችን ላይ የሚደርቁትን ጣውላዎች ከመንገድ አይታ ደረጃውን ወጥታ መጣች። ቄሶቹን አየች፣ ዓሣውን አየች፣ እጇን አፏ ላይ አደረገች። አዳራሻቸው ውስጥ ኤግዚቢሽን ልታዘጋጅለት ፈለገች፤ ከቴል አቪቭ የሚመጡ ሰዎች እንዳሉም ነገረችን። መሃላቸው ቆሜ የማስተረጉመው እኔ ነበርኩ። በኋላ ገና ያልታበሰችውን እናቴን ወለሉ ላይ አየቻት። «ንገሪው፣ እንዳይነካት! አልቃለች። በሩ ፊት ለፊት የምትሰቀለው እሷ ናት» አለች።

አጎቴ ሲሰማ ፊቱ ጠቆረ። «እህቴን? ባንድ ዓይን? ሕዝብ ፊት ሰይጣን ላስመስላት?»

ሴትዮዋ ግራ ገባት። በዓለም ላይ ሰው ሁሉ ከጎን እንደሚሣል፣ በሳንቲም ላይ ነገሥታት ሳይቀሩ ከጎን እንደሚታዩ በትዕግሥት አስረዳችው። እኔም ተረጎምኩ።

«ነገሥታቱማ ይሁኑ፤ እህቴ ደግ ነበረች» አላት።

ይኼንን ስነግራት ሳቀች፤ ወዲያው ዓይኑን አየችና ሳቋን ዋጠችው። ደህና ዋሉ ብላ ቀስ ብላ ወረደች። አጎቴ ሥዕሉን ወደ ግድግዳ አዙሮ አቆመው። ከዚያ ወዲያ ብሩሽ አልነካም። አባቴ ቀልዱን ተወ፤ እኔን ያስፈራኝ ይኼ ነው። ተዝካሩ እየደረሰ ነበር፤ እኔም ማታ ማታ ዓይኔን ጨፍኜ ፊቷን ስፈልግ ጥለቱን ብቻ አገኛለሁ።

አንድ ዓርብ ፋብሪካው በጊዜ ተዘግቶ አጎቴ ብቻውን ገባ። አባቴ ገበያ ሄዷል። ፀሐይዋ በመስኮቱ መዝጊያ ቀዳዳዎች ገብታ ወለሉ ላይ ተሰንጣጥቃ ተኝታለች፤ ከታች ቤት የራዲዮ ዜና ይሰማል። ሥዕሉን ከግድግዳ መለሰና «ነይ እስቲ፣ የእህቴ ልጅ» ብሎ ፊት ለፊቱ አስቀመጠኝ።

«ለምን እምቢ እንደሚለኝ አገኘሁት» አለ። «ካምፑ ሳለን፣ ድንኳኑ ውስጥ እኔ ከጎኗ ነበር የምቀመጥ፣ ውኃ እያቀበልኩ። እሷ ተኝታ ፊቷን ወዳንቺ ነበር ያዞረች። እኔ ጉንጯን ነው ያየሁ። ፊት ለፊት ያየሻት አንቺ ነሽ።»

«አያ፣ እኔ ጠፋብኝ። ምኗንም አላስታውስም» አልኩትና ለቅሶዬ መጣ።

«አትንገሪኝ፤ ንግግር ምን ያደርጋል። እሷን ታዪበት በነበረው ዓይንሽ እኔን እይኝ፣ በቃ።»

አየሁት። መጀመሪያ አጎቴን ብቻ ነበር የማየው፤ ያልተላጨ ፂሙን፣ ጥፍሩ ሥር የገባውን ቫርኒሽ። ቆይቶ ግን ድንኳኑ መጣ፤ ሙቀቱ፣ የውኃው ጣሳ፣ እናቴ ዓይኗን ላትከድን ስትታገል። እንዳትከድን ብዬ አፍጥጬ አያት ነበር። እንደዚያው አጎቴ ላይ አፈጠጥኩ። እንባዬ ሲወርድ ልጠርገው አልደፈርኩም። እሱ ቀና ይላል፣ ያጎነብሳል። ዓይን መጨረሻ ላይ ስለሚሣል ትንፋሹን ይዞ ነበር የሚሠራ። ሰንበት ሳይገባ ለመጨረስ እጁ ይፈጥናል።

«ያላ፣ ነይ እይ» አለኝ።

እናቴ ዞራ ታየኛለች። አንደኛው ዓይን ሁልጊዜ ሲያብሰው የነበረው፣ እሱ የሚያውቀው የእሷ ዓይን ነው። ሌላኛው ግን ትልቅ፣ እርጥብ፣ የሆነ ነገር እንዳያመልጠው የሚጠብቅ ዓይን ነው።

«ሁለተኛውን ካንቺ ነው የወሰድኩ። ትፈቅጅልኛለሽ?»

«በሰደር» አልኩት፤ እሺ የምልበት የአማርኛ ቃል አልመጣልኝም።

አባቴ ዘንቢሉን እንደያዘ በሩን ከፍቶ ገባ፤ አያትና ባለበት ቆመ። ባርኔጣውን አወለቀ። «እንደምን ዋልሽ?» አላት። ቀጥሎ ወደ ወጥ ቤት አለፈና ለአጎቴ ሻይ ጣደለት። ውኃው ፈልቶ ሲንተከተክ ቶሎ አላወረደውም፤ እያለቀሰ እንደነበር አውቃለሁ።

ለኤግዚቢሽኑ አጎቴ ቄሶቹንና ዓሣውን ሰጠ። አስተማሪዋ እናቴን ደግማ ብትለምነው «ልጅቱ ምኗን ትይ?» ብሎ እምቢ አለ። እሷም አልተቀየመችም፤ ለተዝካሩ መጥታ ከሴቶቹ ጋር ወለሉ ላይ ተቀምጣ በላች። ከዚያ በኋላ ያለውን አንቺም ታውቂዋለሽ። ፋብሪካውን ተወ፣ ሥዕሎቹ ትልልቅ አዳራሽ ገቡ፣ ባሕር ተሻገሩ፣ ባለ ራእይ ተባለ። እሱ እስኪያረጅ ድረስ ወለል ላይ ቁጢጥ ብሎ፣ በእርጎ ኩባያ ቀለም እየበጠበጠ ነበር የሚሥል። ካረፈ ጥቂት ዓመታት ሆነው። እንዴት እንደሚናፍቀኝ!

ሥዕሉ አሁን እዚህ ሮሽ ሃዓይን፣ እኔ ዘንድ ነው። ግድግዳው እስኪደርቅ አልጋዬ ላይ አስደግፌዋለሁ። ዛሬ ከእናቴ በዕድሜ በጣም በልጫለሁ፤ እሷ ገና ወጣት ናት። ፊቷን በራሴ አስታውሼው አላውቅም፤ ያለኝ ይኼ ነው፣ ግማሹም እኔው ነኝ። ስለዚህ ቤቱ ጭር ሲል ፊት ለፊቷ እቀመጥና ሥዕሉ ላይ ያለውን የኔን ዓይን በመዳፌ እሸፍነዋለሁ። የእሷ ብቻ ይቀራል። አጎቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ እንደፈራው አይደለም። ባንድ ዓይን የቀረው ፊት ክፉ አይመስልም። እምዬን ነው የሚመስለው።