የሚያገባን ጠፋ ያሉት ሁለቱ ይግባኝ ባዮች

ቬሉቻሚ በደቡብ ሕንድ የዲንዲጉል ሰው ነው፤ ኮኮናት ዛፍ ላይ እየወጣ ፍሬ በማውረድ ይተዳደር ነበር። አንድ ማለዳ በብስክሌት ወደ ሥራ ሲሄድ ጡብ የጫነ መኪና ገጨውና ቀኝ ጉልበቱ አልታጠፍ ብሎ ቀረ። የሥር ፍርድ ቤቱ «እጁ ደህና ነው፣ ሌላ ሥራ ይሥራ» ብሎ ትንሽ ካሳ ወሰነለት። በዚህ ተናዶ ይግባኝ ሊል ማዱራይ መጣ፤ እኔ ጸሐፊዋ ሆኜ ከምሠራላት ጠበቃ ከታማራይሴልቪ ዘንድ።

የቢሮው አግዳሚ ላይ ፖንማላር ተቀምጣ አገኛት። ልብስ ሰፊ ናት። አውቶቡስ ተገልብጦባት የግራ ክንዷ ጠማማ ሆኖ ገጥሟል፤ እሷም ካሳው አንሷት ነው የመጣችው።

በእኛ አገር እንዲህ የተጎዳ ላጤ የትዳር ዕድሉ ስለተበላሸ ጭምር ካሳ መጠየቅ ይችላል። ስለዚህ በእሱ ይግባኝ ላይ «ከእንግዲህ የምታገባው አትገኝም»፣ በእሷ ላይ «የሚያገባት አይገኝም» ብዬ ጻፍኩ። ስጽፍ ከጀርባዬ ሲሳሳቁ ሰምቻለሁ፤ ልብ አላልኩም።

ሌላው ባለጉዳይ ቀጠሮ ሲራዘምበት ያማርራል። የእነዚህ ግን ፊታቸው ይበራል! ቀጠሮ በሌለ ቀን ሳይቀር መምጣት ጀመሩ። አንድ ቀን ጃስሚንና ሙዝ በትሪ ይዘው፣ እንደ ደንቡ ጥጉ እርድ የተቀባ የሠርግ ጥሪ ጠረጴዛው ላይ አኖሩ።

ታማራይሴልቪ አነበበችው። ደግማ አነበበችው።

«እርስ በርሳችሁ?»

«አዎ፣ እትዬ! እንዳይቀሩ» አለ ቬሉቻሚ።

«አንዳችሁ ብታገቡ አንድ ነገር ብዬ አልፈው ነበር። ሁለታችሁም? ችሎቱ ሊሰማን ጥቂት ቀን ሲቀረው? በሉ አስተላልፉት!»

«የአዲ ወር ሊገባ ነው እኮ እትዬ፣ በአዲ ማን ይዳራል?» አለች ፖንማላር። «ደግሞ ብተወው ሌላ ጠበቃ ቤት ሄዶ ሌላ ሴት ያገኛል።»

«በዚህ እግሬ፣ እንደ ወፍ ማስፈራሪያ ተገትሬ?» አለ ቬሉቻሚ።

«የሚስቅ ወፍ ማስፈራሪያ ታዲያ የት ይገኛል!»

«እሺ፣ ቢያንስ አፋችሁን ዝጉ» ብላ ለመነቻቸው ታማራይሴልቪ። ማን ሊሰማት! ቬሉቻሚ ደስታ አስክሮት ለሻይ ሻጩ፣ ለዘበኛው፣ በኮሪደሩ ላገኘው ጥቁር ካባ ለባሽ ሁሉ የጥሪ ካርድ አደለ። ካባ ከለበሱት አንዱ ካሳውን የሚከፍለው የመድን ድርጅት ጠበቃ ነበር። የጡብ መኪናውንም የአውቶቡሱንም ዋስትና የያዘው ደግሞ ያው አንድ ድርጅት ነው።

ችሎት ቀን ጠበቃው ካርዱን ከኪሱ አወጣ። «ክቡር ዳኛ፣ እነዚህ የሚያገባቸው የጠፋ ሰዎች ሐሙስ ይጋባሉ። እኔም ተጠርቻለሁ።»

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ታማራይሴልቪ ፊቷን በፋይል ሸፈነች። ዳኛው ካርዱን ተቀብለው አዩና «እውነት ነው?» አሉ።

ቬሉቻሚ እግሩን እየጎተተ ተነሣ። «እውነት ነው ጌታዬ። ስናመለክትም እውነታችንን ነበር፤ የስንቷ ቤተሰብ እግሬን አይቶ ተመልሷል መሰለዎት። አሁን ግን አግኝቻለሁና እሱን ይሰርዙልን። ጉልበቴ ግን እንደተገተረ ነው። ሚስት አገኘሁ ብሎ ዛፍ ላይ አያወጣኝም።»

«የእኔም ክንድ እንደዚያው ነው ጌታዬ፤ ጨርቅ ወጥሮ አይዝልኝም» አለች ፖንማላር።

«ባልሽ አይይዝልሽም?» አሉ ዳኛው ሳቃቸውን እየዋጡ።

«እሱማ ቁልፍ መትከል እንኳ አይችል! ሞክሬዋለሁ።»

ዳኛው ሳቁ እስኪበርድ ጠበቁና ኮስተር ብለው ፈረዱ። የትዳሩ ጥያቄ ተሰረዘ። ነገር ግን ዛፍ ወጪ ያለ ጉልበት፣ ልብስ ሰፊም ያለ ክንድ ሙያቸው እንደ ቀረ ይቆጠራል ብለው የሁለቱንም ካሳ ከእጥፍ በላይ ከፍ አደረጉላቸው። ውጭ ስንወጣ ታማራይሴልቪ ልትቆጣቸው አፏን ከፈተች፤ ሳቋ ቀደማት።

ሐሙስ ተጋቡ። የአበባ ጉንጉን ሲለዋወጡ እሷ ክንዷን እስከ አናቱ ማንሳት አቃታት፤ እሱም ዝቅ ልበል ቢል ጉልበቱ አልታጠፍ አለው። ጉንጉኑ አንድ ጆሮው ላይ ተንጠልጥሎ ቀረ። እንደዚያው ቆመው ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። ካህኑ ጸሎታቸውን አቋርጠው ጠበቋቸው፤ ጥሩምባ ነፊው ትንፋሽ አጥሮት መሬት ተቀመጠ፤ እኛም እንባችንን እየጠረግን «ወደ ላይ! ትንሽ ወደ ላይ!» እያልን እንጮህ ነበር።