ድንጋይ የሚሸከም የጠፋለት ካሳ

የምሥራች! ምስር ብላ በሉኝ እንጂ! ካሳው ቀርቷል! ሁለቱ በሬዎች ወደ መጡበት ተነድተዋል፤ ዱቄቱም ተመልሷል። ደብረ ታቦር እንዲህ ያለ ደስታ ካየች ሰንብታለች፤ ብዕር ያነሣሁትም ሌላ ሰው አበላሽቶ ሳያወራው ልቅደም ብዬ ነው።

ደስታው የውዴ ነው። ውዴን የማያውቅ ካለ፣ ቅዳሜ ገበያ ጌሾ የምትሸጠው፣ ቀጠን ያለችው፣ ዋጋ አንድ ጊዜ ከተናገረች የማትደግመው ሴት ናት። ባሏ ሙላቴ በበቅሎ እህል የሚያመላልስ ነጋዴ ነው። ዓምና በጥቅምት ከጉና ግርጌ ገብስ ጭኖ ሲመለስ የጣሊያን ወታደሮች፣ "ይህ ገብስ ለሽፍታ ነው" ብለው ከነበቅሎው ያዙት። ሽፍታ የሚሉት አርበኛውን ነው። በቅሎዋ ተመርምራ ወዲያው ተለቀቀች። ሙላቴ አልተለቀቀም። ውዴ ስንቅ ብታመላልስ የእስር ቤቱ በረኛ መጀመሪያ "ነገ ነይ"፣ ቀጥሎ "እዚህ የለም"፣ በመጨረሻ "እንዲህ የሚባል ሰው አላውቅም" አላት። ስንቁን ግን ይቀበል ነበር።

ጎረቤቱ ሁሉ "ጸጉርሽን ተላጪ፣ እርምሽን አውጪ" አላት። "ሬሳውን አሳዩኝና እላጫለሁ" አለች። እንዲህ ሆና፣ ሚስትም መበለትም ሳትሆን ከረመች።

ዘንድሮ አዲስ የጣሊያን ሹም መጣ። ሕዝቡን አለዝበህ ያዝ የሚል ትእዛዝ ደርሶት ኖሮ፣ በእስር ላይ ሳሉ ለጠፉ ሰዎች ቤተሰብ መንግሥት ይክሳል ብሎ አዋጅ አስነገረ። ለውዴ ሁለት በሬና ሦስት ጆንያ ዱቄት ተቆረጠላት። በሬዎቹ ያማሩ ነበሩ፤ ከማን በረት እንደ ተነዱም ገበያው ሁሉ ያውቅ ነበር።

ውዴ ብቻዋን አልሄደችም፤ አያ ወርቁን ይዛ ሄደች። አያ ወርቁ ደም አድራቂ ሽማግሌ ናቸው፤ በአካባቢው ገዳይና የሟች ወገን የሚታረቁት በእሳቸው ፊት ነው። ሹሙ ዘንድ ሲገቡ ሻይ ቀረበላቸው። አልነኩትም፤ ደም ሳይደርቅ ከገዳይ ወገን ቤት አይቀመስም።

"በሉ" አሉ አያ ወርቁ ተደላድለው ተቀምጠው፣ "ገዳዩ ይግባ።"

አስተርጓሚው የሱፍ፣ ምጽዋ ሲነግድ ጣሊያንኛ የለመደ የገበያችን ሰው ነው። ወደ ሽማግሌው ጎንበስ አለ። "አያ ወርቁ፣ እባክዎ፣ በሬውን ተቀብለው ይሂዱ።"

"አንተ ያልኩትን ንገረው፤ ምክሩን ለልጆችህ አስቀምጥ።"

ነገረው። ሹሙ "ማንም አልገደለም" አለ።

"እንግዲያው ማንም አልሞተም። ባሏን ይመልስላት።"

"አልሞተም አላልኩም። ጠፋ ነው ያልኩት።"

"የጠፋ ይፈለጋል እንጂ ይካሳል እንዴ? እኔ ጊደር ስትጠፋብኝ ጫካ ለጫካ እዞራለሁ፤ ቤት ተቀምጬ ለሚስቴ ዱቄት አልሰፍርም።"

ሹሙ "ታዲያ ምን ይደረግ?" ሲል አያ ወርቁ ወጉን አስረዱት። ገዳዩ ድንጋይ በአንገቱ ተሸክሞ ይመጣል፤ "እኔ ነኝ" ይላል፤ ሬሳውን የት እንዳደረገው ይናገራል፤ ከውዴ እግር ላይ ይወድቃል። ካሳው ከዚያ ወዲያ ነው።

ሹሙ ጥቂት አሰበና "ድንጋዩ ምን ያህል ይከብዳል?" ብሎ ጠየቀ።

"እንደ ጥፋቱ ነው። ለዚህኛው ደህና ጫንቃ ያለው ይፈለግ።"

"ውዴ" አላት የሱፍ ዝግ ብሎ፣ "በሬ እኮ ነው፤ ያርስልሻል።"

"ከተቀበልኩ ሙላቴን በእጄ ቀበርኩት ማለት ነው። በሕይወት ቢኖርስ?"

ሹሙ ግን "ካሳው ተከፍሏል" የሚለውን ወሬ ጎንደር ላሉት አለቆቹ አስቀድሞ አድርሶ ነበርና ጨነቀው። ስለዚህ ገዳይ በስልክ ያፈላልግ ጀመር። የእስር ቤቱ አለቃ የድንጋዩን ነገር ሲሰማ፣ "እኔ ከነነፍሱ ለመኪና ነጂው ነው ያስረከብኩት" አለ። ነጂው ተፈልጎ ተገኘና፣ "ጎንደር ከነነፍሱ ነው ያወረድኩት፤ መንገድ ላይ ዳቦዬን ሳይቀር በልቶብኛል" አለ። የጎንደሩ ዘበኛ ደግሞ ሙላቴ በእግሩ ቆሞ ወደ ሊማሊሞ መንገድ ሥራ መሄዱን ምሎ ተናገረ። ድንጋይ የሚሸከም አንድ ሰው እንኳ ጠፋ። በመጨረሻ የሊማሊሞው የሥራ አለቃ ስልኩን ያዘ።

"ሙላቴ? እዚህ አለ። ድንጋይ ይሸከማል።"

ውዴ ሲነገራት አላመነችም። "በሬ እምቢ ስላልኩ የፈጠሩት ነው" አለች። ከዚያም የሱፍን፣ "ይጠየቅልኝ፤ በተያዘበት ዕለት ጠዋት በምን ተጣላን?" አለችው።

የሱፍ ለሹሙ፣ ሹሙ ለስልኩ ነገረ። ሁላችንም ደጅ ቆመን ጠበቅን። ከብዙ ቆይታ በኋላ መልሱ መጣ። የሱፍ ለሁላችንም እንዲሰማ ተናገረ።

"የተጣላነው ቤቱ አፍስሶ ነው፤ ጥፋቱም የሷ ነው፤ ጌሾ ላሰጣ ብላ ክዳኑን የረገጠችው እሷ ናት፤ አልረገጥኩም ካለች ዋሽታለች ይላል።"

ውዴ መሬት ላይ ቁጭ አለች። በዚያ ሁሉ ጊዜ ያላወጣችውን እንባ ነጠላዋን ፊቷ ላይ አድርጋ አወረደችው። "ውሸታም!" አለች፤ "እሱ ነው! እሱ ራሱ ነው! የሱፍ፣ አልረገጠችም በልልኝ!"

የሱፍ ይህንንም አስተረጎመ። ሹሙ "ካልሞተ ካሳ የለም" ብሎ በሬዎቹን አስነዳ፤ አያ ወርቁም ተነሥተው መረቁት። ሙላቴ ገና አልተፈታም። መንገዱ ሲያልቅ ይፈታል ተብሏል፤ መንገዱ ደግሞ ገደል ለገደል ነው፣ መቼ እንደሚያልቅ እንጃ። ውዴ ግን ዛሬ ጠዋት በሶና ጋቢ ይዛ ወደ ጎንደር ከሚሄዱ ነጋዴዎች ጋር ተነሥታለች። ልትጠይቀውም፣ ልትጣላውም ነው።

ከዚህ በላይ መጻፍ አልችልም፤ እግሬ አልረጋም አለኝ። የሙላቴ እህት ፈንታነሽ ያለችው እብናት ነው። ወሬው አልደረሳትም፤ ለእሑድ የወንድሟን ተስካር ደግሳ፣ ጠላውን ጠምቃ፣ ቄሶቹን ጠርታለች። ዛሬ ዓርብ ነው። አሁን ከወጣሁ ሙክቱ ሳይታረድ እደርስባታለሁ!